አንድ ሺህ ሰው የሚይዝ አዳራሽ ለማን?

የአንባብያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ወር ከደረሱኝ ደብዳቤዎች አብዛኞቹ ስለ ስብሰባና ስለ ዝግጅት ሥራ ናቸው። ምክንያቱ ይገባኛል። የአዲስ አበባው የጉባኤ ዜና ጎጃም ድረስ ይሰማል፤ ገንዘቡ ግን አባይን አልተሻገረም። ለማታውቁኝ፦ የደጀን ልጅ ነኝ። ባሕር ዳር ውስጥ በሆቴል የዝግጅት ክፍል ኃላፊነት ስሠራ ኖሬ አሁን በግሌ አማክራለሁ። በአዳራሽ፣ በማይክ፣ በሻይ ቡናና በውዝፍ ሒሳብ መሀል ነው ጸጉሬ የሸበተው። ደብዳቤዎቹን አሳጥሬያቸዋለሁ፤ ስም ትቼ ከተማ ብቻ ጽፌያለሁ።

ከደብረ ማርቆስ፦ እትዬ፣ አባቴ 28 ክፍል ያለው ሆቴል አለው። ኮፕ 32 የሚባለው የዓለም የአየር ንብረት ጉባኤ አዲስ አበባ ላይ እንደሚካሄድ ከሰማ ጀምሮ እንቅልፍ የለውም። ከሆቴሉ ጀርባ 1,000 ሰው የሚይዝ አዳራሽ ሊሠራ ነው። ንድፉ አልቋል፤ ባንክም ጠይቋል። «እንግዳው ሲበዛ ወደ እኛም ይፈሳል» ይላል። እኔ የተማርኩት ሒሳብ አያያዝ ነው፤ ይሄ ሒሳብ ግን አልገባኝም። ምን ልበለው?

ልጄ፣ አባትሽ የሰማው ዜና እውነት ነው። አዲስ አበባ ተዘጋጅታለች። ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. የአፍሪካ አንድነት ድርጅት የተመሠረተበት፣ የአፈወርቅ ተክሌ የመስታወት ሥዕል ያለበት አፍሪካ አዳራሽ ታድሶ በጥቅምት 2017 ተከፍቷል። በዚያው ዓመት አዲስ ኢንተርናሽናል ኮንቬንሽን ማዕከል ተመረቀ። ዓመቱ ሳያልቅ፣ ጳጉሜን ላይ፣ ሁለተኛው የአፍሪካ የአየር ንብረት ጉባኤ እዚያው ከተማ ተካሄደ። የአፍሪካ ኅብረት ከ2004 ዓ.ም. ጀምሮ 2,500 ሰው የሚይዝ አዳራሽ አለው። ኮፕ 32 ደግሞ በፈረንጆቹ 2027 ይመጣል።

አሁን አባትሽን አንድ ነገር ጠይቂልኝ። ከዚህ ሁሉ እንግዳ ውስጥ እናንተ ሆቴል መጥቶ ያደረ ስንት ነው?

ትልቅ ጉባኤ ቦታ የሚመርጠው በአዳራሽ ስፋት ብቻ አይደለም። በቀን ስንት በረራ አለ? ስንት አልጋ አለ? ሰው ቢታመም የት ይወሰዳል? ጥበቃው ምን ያህል መንገድ መዝጋት ይችላል? የሚታየው ይሄ ነው። የብራዚሏ ቤሌም ኮፕ 30ን ስታስተናግድ አልጋ አጥሯት ሁለት ትላልቅ መርከቦች አስመጥታ እንግዳ አሳድራባቸዋለች። አዲስ አበባ ባሕር የላትም። አልጋ ቢያጥራት ግን የምታየው ወደ ቢሾፍቱና ወደ አዳማ ነው። አባይ በረሃን አስወርዳ አስወጥታ 300 ኪሎ ሜትር እንግዳ አትልክም። ስለዚህ ኮፕን ከሒሳቡ አውጡት።

ከዚያ የማርቆስን ደንበኛ ቁጠሩ። ዩኒቨርሲቲው አለ። የዞን መምሪያዎች አሉ። ባንኮች፣ ኤንጂኦዎች፣ የገበሬ ኅብረት ሥራ ዩኒየኖች፣ ማኅበራት አሉ። ሠርገኛ አለ። ከሠርገኛው በቀር እነዚህ ሁሉ የሚያመጡት ሰው አብዛኛውን ጊዜ ከ30 እስከ 120 ነው። ሺህ ሰው የሚሰበሰበው በምርቃት፣ በሠርግና በሕዝብ ስብሰባ ነው። የሕዝብ ስብሰባ ደግሞ የመንግሥት አዳራሽ አለው፤ ለእናንተ አይከፍልም። ሌላም አለ። 28 ክፍል ይዞ ሺህ ሰው የጠራ ሆቴል የሚሸጠው ምሳ ብቻ ነው። አልጋውን ጎረቤት ይሸጠዋል።

አባትሽ ምናልባት ሰኔ ላይ አይቶ ይሆናል። ግንቦትና ሰኔ አገር ሙሉ አዳራሽ ያጥራል። ሰኔ 30 በጀት ይዘጋላ! ዓመቱን ሙሉ ትዝ ያላለ ሥልጠና በሁለት ወር ውስጥ ይሰጣል። በዚያ ላይ ከፋሲካ በኋላ የተፈታው ሠርግ ይጨመርበታል። ያን ጊዜ ያየ ሰው አዳራሽ ወርቅ ነው ቢል አይፈረድበትም። ሐምሌ ላይ ግን ያው አዳራሽ ወንበሩ ተደራርቦ ግድግዳ ተደግፎ ታገኚዋለሽ። እስከ መስቀል ድረስ እንደዚያው ነው። ጥር የሠርግ ነው። ዐቢይ ጾም ሲገባ ሠርግ ይቆማል፤ ሥልጠና ካለ አለ፣ ከሌለ የለም። የባንክ ወለድ ግን ክረምትም ጾምም አያውቅም። ሒሳብ ተምረሻል፤ ይሄን በአሥራ ሁለት ወር ከፋፍለሽ ወረቀት ላይ አሳዪው። በቃል ከነገርሽው ይቆጣል።

አይሥራ እያልኩ አይደለም። ያሳንሰው፣ ግን በደንብ ይሥራው። 300 ካሬ ሜትር አዳራሽ ወንበር ብቻ ሲደረደርበት ወደ 300 ሰው ይይዛል። ጠረጴዛ ከገባ 150 እና 180 መካከል ይሆናል። መሀሉ ላይ የሚታጠፍ ግድግዳ ይኑረው፤ በአንድ ቀን ሁለት ደንበኛ ያስተናግዳል። ከጎኑ 30፣ 30 ሰው የሚይዙ ሁለት ክፍሎች ይሥራ። ዛሬ ዎርክሾፕ የሚያመጣ ሁሉ «የቡድን ውይይት ክፍል አላችሁ?» ብሎ ነው የሚጀምረው። ስለ ሺህ ወንበር የጠየቀኝ ደንበኛ ትዝ አይለኝም፤ ስለ መጸዳጃ ቤት ያልጠየቀኝ ግን የለም። የሴቶቹ ከወንዶቹ ይብዛ። ውሃ ሲጠፋ የሚደርስ ታንከር ይኑር።

ወለሉንና ግድግዳውን ሁሉ ሴራሚክ እንዳያለብሰው። እኛ አገር አዳራሽ ያማረ የሚመስለው ሲያብረቀርቅ ነው፤ ግን ድምፁ ከግድግዳ ግድግዳ እየተላተመ የክብር እንግዳው ምን እንዳሉ ሳይሰማ ያልቃል። ወፍራም መጋረጃ ይስቀል። መጋረጃው የማርቆስን ፀሐይም ይከላከልለታል፤ አለበለዚያ ፕሮጀክተር ላይ የሚታይ ነገር የለም። ጄኔሬተሩ መብራት ሲሄድ ራሱ የሚነሳ ይሁን። ጠባቂው ከእንቅልፉ ተነስቶ ቁልፍ እስኪፈልግ ድረስ ስብሰባው ይበተናል። ወጥ ቤቱ ጾምና ፍስክ በአንድ ጊዜ የሚያወጣ ይሁን። ረቡዕና ዓርብ በየሳምንቱ አሉ፤ ሆኖም በየሳምንቱ የሚደናገጥ ወጥ ቤት አውቃለሁ።

ከባሕር ዳር፦ እትዬ፣ ከጓደኞቼ ጋር የዝግጅት ድርጅት ከፍተን ነበር። መድረክ፣ ባነር፣ ባጅ፣ ምዝገባ፣ ፎቶ፣ ሁሉንም እንሠራለን። በደህናው ጊዜ ፋታ አልነበረንም። አሁን የምንጽፈው ፕሮፎርማ (የዋጋ ማቅረቢያ) ብቻ ነው። የሠራንበትም ገንዘብ አልተከፈለንም። ይሄ ኢንዱስትሪ ሞቷል ወይስ እኛ ነን የማንችለው?

አንተዬ፣ እናንተስ ትችላላችሁ። ሥራችሁን አይቻለሁ፤ ባጅ ላይ ስም የማይሳሳት ድርጅት በዚህ ከተማ ብርቅ ነው።

የሆነውን እናውቀዋለን። ባሕር ዳር የጉባኤ ከተማ የሚለውን ስም ያገኘችው በአንድ ቀን አይደለም። ከሚያዝያ 2004 ጀምሮ ጣና ፎረም በየዓመቱ የአፍሪካ መሪዎችንና የቀድሞ መሪዎችን ወደ ሐይቁ ዳር ሲያመጣ ሆቴሉ፣ ጀልባው፣ ባጃጁ፣ ዓሣ ጠባሹ ሁሉ እንግዳ መቀበል ለመደ። ኮሮና አቋረጠው። ጥቅምት 2015 ላይ ፎረሙ ሲመለስ ተነሳን ብለን ነበር። ዓመት ሳይሞላ ክልሉ ጦርነት ውስጥ ገባ፤ ሐምሌ 28 ቀን 2015 የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ታወጀ። ኢንተርኔት ለወራት ጠፋ። የመኪና መንገዱ ዛሬ ክፍት፣ ነገ ዝግ ሆነ። በግንቦት 2016 ባለ 380 ሜትሩ አዲሱ የአባይ ድልድይ ሲመረቅ ድልድዩ አምሮ ነበር፤ የሚሻገረው እንግዳ ነበር የጠፋው።

ሁለተኛው ዱላ ከውጭ መጣ። በጥር 2017 አሜሪካ የውጭ እርዳታዋን አቆመች፤ ከዚያም የእርዳታ ድርጅቷ ዩኤስኤይድ ጭራሽ ተዘጋ። በጋዜጣ ላይ ወሬው የመድኃኒትና የስንዴ ነበር፤ ልክም ነው፣ የሚብሰው እሱ ነው። ግን በዚያ ገንዘብ የሚከፈል ስንት ዎርክሾፕ፣ ስንት የግምገማ መድረክ፣ ስንት የአሠልጣኞች ሥልጠና እንደነበረ የሚያውቀው የሆቴል ሒሳብ ክፍል ነው። መሥሪያ ቤቶችም ወጪ ቀንሱ ሲባሉ ቀድመው የሚቆርጡት የሆቴል ስብሰባን ነው። ጥፋት አይደለም። እኔም ብሆን እሱን ነው የምቆርጠው።

እንግዲህ የኔን ሐሳብ ልንገራችሁ፤ ብዙ የሙያ ባልደረቦቼ አይወዱትም። እኛ ኢንዱስትሪ ነበረን ብዬ አላምንም። የመንግሥት በጀትና የእርዳታ ገንዘብ ነበረ፤ እኛ መተላለፊያው ላይ ቁጭ ብለን ነበር። ተሰብሳቢው ሳይከፍል ይመጣል። እንዲያውም አበል ተከፍሎት ይመጣል። ያዘጋጀው መሥሪያ ቤት የራሱን ኪስ አይነካም። ስለዚህ ስብሰባው ይጥቀም አይጥቀም፣ ይደገም አይደገም ማንም አይጠይቅም። ከፋዩ ሲጠፋ ደግሞ ሥራው ከነሥሩ ይነቀላል። አሁን የሆነው ይኸው ነው።

መውጫው ታዲያ የራሱን ገንዘብ ከፍሎ የሚሰበሰብን ሰው መፈለግ ነው። ጎጃም ውስጥ አለ፤ አናየውም እንጂ። ዩኒየኖችንና መሠረታዊ ማኅበራትን እዩ። አገሩ በሙሉ ማዳበሪያና ምርጥ ዘር የሚያገኘው በእነሱ በኩል ነው። ጠቅላላ ጉባኤ ማድረግ ደግሞ ውዴታ አይደለም፤ ግዴታቸው ነው። ገንዘቡም የአባሉ ነው። ብዙዎቹ ዛሬም በጥላና በመጋዘን ውስጥ፣ ማይክ እየጮኸ፣ የኦዲት ሪፖርት ሳይሰማ ያጸድቃሉ። ድምፅ በሥርዓት የሚቆጠርበት፣ ሪፖርቱ በትልቁ የሚታይበት፣ ምሳ በሰዓቱ የሚደርስበት ጉባኤ በተመጣጣኝ ዋጋ አቅርቡላቸው። የሚያምር መድረክ አይፈልጉም። ሰዓት ነው የሚፈልጉት፤ ገበሬው ከብት ሳይገባ ቤቱ መድረስ አለበት።

ሌላው የትምህርት ቤት ልደት ነው። የድሮ ተማሪዎች መገናኘት ይወዳሉ፣ ይከፍላሉም። ባሕር ዳር ፖሊ ቴክኒክ 1950ዎቹ ውስጥ የተከፈተ ነው፤ የተማሩበት ሰዎች ዛሬ በየዓለሙ አሉ። የሐኪሞች፣ የመሐንዲሶች፣ የሒሳብ ባለሙያዎች ማኅበራት አሉ። መዋጮውን በቴሌብር ሰብስቡ፤ ሰው አስቀድሞ ከከፈለ ይመጣል፣ ካልከፈለ «እመጣለሁ» ብሎ ይቀራል። የመስኖ ፓምፕ ሻጩን፣ የዘር አቅራቢውን፣ የእንስሳት መኖ አምራቹን ከገበሬው ጋር የሚያገናኝ የሁለት ቀን ባዛርም አለ። ቦታ ተከራዩ ይከፍላል፤ ገበሬው በነፃ ይገባል። ከበዓል ባዛር የሚለየው ሸቀጡ ብቻ ነው። ልብስና ሽቶ መሸጥ ከተቻለ ፓምፕ የማይሸጥበት ምክንያት የለም።

የተያዘባችሁን ገንዘብ በተመለከተ፦ የምግቡን ሒሳብ ከዛሬ ጀምሮ በእናንተ ስም አታድርጉት። ደንበኛው ከሆቴሉ ጋር በቀጥታ ይዋዋል፤ እናንተ የድካማችሁን ብቻ አስከፍሉ። ትንንሽ ድርጅት የሚወድቀው የሌላ ሰው ምሳ ሲከፍል ነው። በቃል ትእዛዝ አትንቀሳቀሱ። የግዥ ክፍል ደብዳቤ ይኑር፣ ቁጥርና ማኅተም ይኑርበት። ተጨማሪ እሴት ታክሱን፣ 15 በመቶውን፣ ፕሮፎርማው ላይ ለብቻው ጻፉ፤ «ዋጋችሁ ታክስን ይጨምራል ብለን ነበር» የሚል ክርክር ትርፋችሁን ይበላዋል። ደረሰኛችሁ ከሰኔ አጋማሽ በፊት ገንዘብ ቤት ይግባ። ሰኔ 30 ካለፈ «በጀቱ ተዘግቷል» ትባላላችሁ። ያኔ ያዘዛችሁ ኃላፊም ተቀይሮ ይጠብቃችኋል።

ከፍኖተ ሰላም፦ እትዬ፣ ሥልጠና ሳዘጋጅ የመጀመሪያው ጥያቄ ሁልጊዜ «አበል ስንት ነው?» ነው። ሁለተኛው ቀን ከሻይ በኋላ አዳራሹ ባዶ ይሆናል። ምን ይሻለኛል?

እህቴ፣ አበሉን የምትከፍይው መቼ ነው? ሁለተኛው ቀን ጠዋት አራት ሰዓት ላይ ከሆነ መልሱን አግኝተሻል። መጨረሻ ላይ ክፈይ፣ የምሳ ሰዓቱን ወደፊት አምጪው፣ የከሰዓቱን ክፍል ለሥራ ልምምድ አድርጊው። ሁለት ቀን የተባለው ሥልጠና በአንድ ቀን ተኩል የሚያልቅ ከሆነ ደግሞ በአንድ ቀን ተኩል ጨርሺው። ሰዎቹ የሚሸሹት ይሄንን ስለሚያውቁ ነው። አበል የሚጠይቀውን ሰው አልነቅፍም። ከገጠር ወረዳ መጥቶ ሆቴል የሚያድር ሠራተኛ ያለ አበል በምን ይብላ?

ከሞጣ፦ ይድረስ ለአምዱ አዘጋጅ። ለልጄ ሠርግ ባሕር ዳር አዳራሽ ተከራይቼ ቀብድ ከፍዬ ነበር። በሠርጉ ሳምንት መንገድ ተዘጋና ሙሽሮቹም ዘመዱም ሳይሄዱ ቀሩ። ሠርጉን እዚሁ በድንኳን አደረግነው። ሆቴሉ «ቀብዱ አይመለስም» አለኝ። ሕጉ ምን ይላል?

ጋሼ፣ በመጀመሪያ እንኳን ለዚህ አበቃዎት። ሙሽሮቹ ይባረኩ።

የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1885 ስለ ቀብድ የሚለው እንዲህ ነው፦ ሌላ ስምምነት ከሌለ ቀብድ የሰጠ ሰው ውሉን ቢያፈርስ ቀብዱን ያጣል፤ የተቀበለው ቢያፈርስ ደግሞ እጥፉን ይመልሳል። ሆቴሉ የመጀመሪያውን ግማሽ ያውቃል፤ ሁለተኛውን ግማሽ ግን ለደንበኛ ሲናገር ሰምቼ አላውቅም። እርስዎ ግን ውሉን በፈቃድዎ አላፈረሱም። አንቀጽ 1792 ከአቅም በላይ ስለሆነ ኃይል ይናገራል። አስቀድሞ ሊታሰብ የማይችል፣ ፈጽሞም የሚያግድ ነገር ሲመጣ ባለዕዳው ባለመፈጸሙ አይጠየቅም ነው ነገሩ። ችግሩ «ሊታሰብ የማይችል» የሚለው ላይ ነው። በዚህ ዘመን መንገድ ይዘጋል ብሎ ያላሰበ አለ ወይ ተብሎ ሊከራከሩዎት ይችላሉ። መንገዱ የተዘጋው በባለሥልጣን ትእዛዝ ከሆነ ግን ነገርዎ ይጠነክራል፤ ይሄን የሚያሳይ ወረቀት ከወረዳው ያውጡ።

እኔ ብሆን ፍርድ ቤት ከመሄዴ በፊት ገንዘቡን ትቼ ቀኑን እጠይቃለሁ። «ቀብዱ ለሚቀጥለው ዝግጅት ይያዝልኝ» ይበሉ። ሆቴል ገንዘብ መመለስ ያመዋል፣ ባዶ ቀን መስጠት ግን አያመውም። የልጅ ክርስትና፣ ምርቃት፣ የሁለተኛ ልጅ ሠርግ አይጠፋም። የከተማውን አንድ የተከበረ ሽማግሌ ይዘው ይሂዱ። ለሚቀጥለው ጊዜ ደግሞ ውሉ ላይ አንድ መስመር ያስጽፉ፦ መንገድ ወይም በረራ ከተቋረጠ ቀኑ ያለ ቅጣት ይዛወራል። እኔ ባማከርኳቸው ውሎች ሁሉ ይሄ መስመር አለ። ሆቴሎቹም ለምደውታል።

ከቡሬ፦ እትዬ፣ ድንኳን፣ ወንበርና ሳውንድ አከራያለሁ። ሰው ሁሉ ኤልኢዲ ስክሪን አለህ ወይ ይለኛል። ተበድሬ ልግዛ?

አትግዛ ወንድሜ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ብር በገበያ ዋጋ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነስቶ በዓመት ውስጥ ከእጥፍ በላይ ሆኗል። ስክሪኑም፣ መለዋወጫውም፣ አንድ ሰሌዳ ሲቃጠል የምትተካውም በዶላር ነው። ሁለት ሰርግ ላይ አውጥተህ በኮረኮንች መንገድ ጭነህ ስትመለስ መሀሉ ላይ ጥቁር ነጥብ ታያለህ። የሚጠግነው ባለሙያ አዲስ አበባ ነው ያለው። «አለህ ወይ?» ያለህ ሰው ሁሉ ዋጋውን ስትነግረው አይወስደውም። ሲፈለግ ከባሕር ዳር ተከራይተህ ኮሚሽንህን ያዝ። ይልቅ ባለህ ገንዘብ ዝናብ የማያስገባ ድንኳን ጨምር፣ ጸጥ ያለ ድምፅ ያለው ጄኔሬተር ግዛ። ቡሬ የአግሮ ኢንዱስትሪ ፓርክ ያለባት ከተማ ናት፤ የፋብሪካ ሠራተኛ በዓል፣ ጉብኝትና ምርቃት አይጠፋም። እነሱ ደግሞ ከሁሉ በፊት የሚጠይቁት ንጹሕ ወንበርና የማይንጫጫ ማይክ ነው።

ከእንጅባራ፦ እህቴ፣ ጡረታ የወጣሁ መምህር ነኝ። በየዓመቱ ጥር 23 የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓል ሲከበር ከተማችን ትጥለቀለቃለች። ማታ ግን ሁሉም ይሄዳል። ነጋዴው የሚያገኘው የአንድ ቀን ገቢ ነው። ባለ ፈረሱም ፈረሱን አስውቦ፣ ከራሱ ኪስ ቀልቦ ይመጣል፣ በዜሮ ይመለሳል። ምን ቢደረግ ይሻላል?

መምህር፣ ከደረሱኝ ደብዳቤዎች ሁሉ ደስ ያሰኘኝ የእርስዎ ነው። ከላይ «የራሱን ገንዘብ ከፍሎ የሚመጣ ሰው» ብዬ የደከምኩበት ነገር እናንተ ጋ አለ። ማኅበሩ ከ1932 ዓ.ም. ጀምሮ የኖረው በአባሉ ጉልበት ነው። የዓድዋን ፈረስና ፈረሰኛ ለማሰብ የተነሳ፣ ኮርቻና ልጓሙን ራሱ የሚያሰናዳ፣ አባል ሲሞት ከነፈረሱ ወጥቶ የሚቀብር ማኅበር ነው። አበል የለው፣ ፕሮፎርማ የለው። ጎጃም ውስጥ ከዚህ የሚበልጥ ዝግጅት አላውቅም፤ ባሕር ዳሮች ይቅር በሉኝ።

ሰው ለምን እንደማያድር ግን ግልጽ ነው። ለማደር ምክንያት አልሰጣችሁትም። ጥር 21 አስተርዮ ማርያም ናት፣ 23 ጊዮርጊስ ነው። በመሀል ባለችው 22 ግን ለእንግዳው የተሰናዳ ነገር የለም። በእሷ ቀን የቀርከሃ ሥራ ገበያ ቢኖር፣ የፈረስ ዕቃ አሠራር ቢታይ፣ ማታ የአገው ጭፈራ ቢኖር እንግዳው 21 መጥቶ 24 ይሄዳል። ዘንገና ሐይቅ እዚያው አፍንጫችሁ ሥር ነው፤ ጠዋት ደርሶ መመለስ ይቻላል። አልጋ ካነሰ የተማሪ መኝታ ስለ መከራየት ዩኒቨርሲቲውን ጠይቁ፣ የቤተሰብ ቤት አስመዝግቡ። የሚያስመዘግበው ቤት ግን ንጹሕ መጸዳጃና የተቀመጠ ዋጋ ይኑረው። በበዓል ዋዜማ ዋጋ ሦስት እጥፍ የሚያደርግ ሰው የከተማዋን ስም ነው የሚሸጠው።

ስለ ባለ ፈረሱ ያሉት ልቤን ነክቶታል። ሜዳው ሰፊ ነው፤ አብዛኛው ቦታ ለሕዝቡ በነፃ ይቆይ። አንዱ ጎን ላይ ግን ጥላና ወንበር ያለው የተከፈለበት መቀመጫ ይሥሩ። ባንኩ፣ ሆቴሉ፣ ከአዲስ አበባና ከውጭ የሚመጣው እንግዳ ይከፍላል። ያ ገንዘብ ሌላ ነገር ሳይነካው ለመኖ፣ ለፈረስ ሐኪምና ለሽልማት ይዋል፤ ሒሳቡም በማኅበሩ ስብሰባ ይነበብ። ማስታወቂያ የሚለጥፍ ድርጅት ካለም እንዲሁ። ፈረሱ ላይ ግን ባነር እንዳያስለጥፉ፤ እለምንዎታለሁ። በየመንገዱ የታተመ ቲሸርት የለበሰ ፈረሰኛ ከማይ ባላየሁ እመርጣለሁ።

የቀረው ሥራ ነው። ሕዝቡና ፈረሱ የሚገቡበት በር ይለይ። የፈረስ ውሃ ገንዳ በሁለቱም ጫፍ ይኑር። አምቡላንስ ሜዳው ዳር ይቁም፣ መውጫ መንገዱ ላይ መኪና አይቁም። ጊዜያዊ መጸዳጃ ቤት ከሜዳው በታች እንጂ ከላይ አይቆፈር። ድሮን ይዞ የሚመጣ ቪዲዮ ቀራጭ ፈቃዱን ከኢንፎርሜሽን መረብ ደኅንነት አስተዳደር አስቀድሞ ያምጣ፤ ያለ ፈቃድ ከተነሳ እሱም እናንተም ትጠየቃላችሁ። ፈረስም ከራሱ በላይ የሚጮህ ነገር አይወድም። የመንገዱ ሁኔታ እስከ መጨረሻው ሳምንት ስለማይታወቅ ለተከፈለበት መቀመጫ ገንዘብ የሚመለስበትን ሁኔታ ትኬቱ ጀርባ ላይ ያትሙ። ኮሚቴው ጥቅምት ላይ ካልተቀመጠ ለጥር አይደርስም። በዚህ ዓመት ከተቀመጣችሁ ይጻፉልኝ፤ አንድ ቀን መጥቼ ሜዳውን አብሬዎት ልዙር።